ስለ እንፋሎት ዘመን ናፍቆት

የሰው ልጅ ያለፈውን ዘመን ማመስገን ልማዱ ነው። አያቶቻችን የአያቶቻቸውን ዘመን ሲያመሰግኑ ኖሩ፤ እኛም የእነርሱን እናመሰግናለን፤ ከእኛ በኋላ የሚመጡትም ዛሬ የምናማርረውን ይህንኑ ዘመን ማመስገናቸው አይቀርም። «በእጅ የያዙት ወርቅ ከመዳብ ይቆጠራል» የሚባለው ተረት ለንብረት ብቻ ሳይሆን ለዘመንም ይሠራል። ሽማግሌ ሰው የወጣትነቱን ጊዜ ቢናፍቅ የሚያስገርም ነገር የለበትም፤ የሚናፍቀው ያለቀበትን ጉልበቱንና የሞቱበትን ወዳጆቹን ነውና። ነገር ግን ወጣት ሰው፥ እርሱም አባቱም አያቱም ያልኖሩበትን ዘመን ሲናፍቅ፥ የዚያን ዘመን ልብስ አሰፍቶ ሲለብስ፥ የዚያን ዘመን ዕቃ ሠርቶ ሲይዝ ብናይ ምን እንላለን? ናፍቆቱ ከየት መጣ? የሚመሰገን ነው ወይስ የሚነቀፍ? በዚህ ጽሑፍ ልመረምረው ያሰብኩት ነገር ይህ ነው።

ይህ ናፍቆት በእንግሊዝኛ ስም ወጥቶለት «ስቲምፓንክ» ይባላል። እኔ ስለ ነገሩ የሰማሁት ለትምህርት ወደ እንግሊዝ አገር ከሄደው ከእኅቴ ልጅ ነው። ረጅም ጥቁር ባርኔጣ ደፍቶ፥ በባርኔጣው ዙሪያ ክብ የናስ መነጽር አስሮ፥ በካፖርቱ ደረት ላይ የሰዓት መንኮራኩሮች ሰፍቶ የተነሣውን ፎቶግራፍ ላከልኝና «ጋሼ፥ እርስዎ ዕድሜዎን በሙሉ ሲፈቱና ሲገጥሙ የኖሩትን መንኮራኩር እዚህ አገር ሰው እንደ ጌጥ ይለብሰዋል፤ ምን ይላሉ?» ብሎ ጻፈልኝ። እኔ አርባ ዓመት ያህል ሰዓት በማደስ እንጀራዬን የበላሁ ሰው ስለሆንኩ ጥያቄው በቀላሉ የማልፈው አልሆነም። ስለዚህ ያገኘሁትን ሁሉ እያነበብኩ ነገሩን ከሥሩ ለማወቅ ሞከርኩ። ከዚህ በታች የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር መሆናቸውን አንባቢዬ ያስተውልልኝ።

አስቀድሞ ስለ ቃሉ ትርጉም እንናገር። «ስቲም» ማለት እንፋሎት ነው። «ፓንክ» ግን በጥንቱ እንግሊዝኛ ዋልጌንና የማይረባን ሰው ለመስደብ የሚነገር ቃል ነበረ፤ በ1970ዎቹ ዓመታት ለተለመደው ሥርዓት አንገዛም ብለው የተነሡ ወጣቶች ሙዚቃና አለባበስ መጠሪያ ሆነ። በ1980ዎቹ ደግሞ ስለ ኮምፒዩተርና ስለሚመጣው ዘመን ጨለማ ገጽታ የሚጻፈው ልብ ወለድ «ሳይበርፓንክ» ተባለ። በዚሁ ጊዜ ኬ. ደብልዩ. ጄተር የሚባል አሜሪካዊ ደራሲ ሎከስ ለተባለው መጽሔት አንድ ደብዳቤ ጻፈ፤ ደብዳቤውም በሚያዝያ ወር 1987 ታተመ። እርሱና ሁለቱ ወዳጆቹ፥ ቲም ፓወርስና ጄምስ ብሌይሎክ፥ ታሪካቸውን የሚያኖሩት በንግሥት ቪክቶሪያ ዘመን ወይም በዚያው አካባቢ ነበርና፥ ለዚህ ዓይነቱ ድርሰት ስም ማውጣት ካስፈለገ በዘመኑ ጥበብ «ስቲምፓንክ» ብንለውስ ሲል ግማሹን በቀልድ ግማሹን በቁም ነገር ተናገረ። ቀልዱ ግን ከባለቀልዱ እጅ አመለጠ፤ ዛሬ የመጻሕፍት፥ የሲኒማ፥ የልብስና የጌጥ ሁሉ መጠሪያ ሆኗል።

ትርጉሙን በአጭሩ ለማስረዳት ያህል፥ ስቲምፓንክ ማለት የ19ኛው መቶ ዓመት የእንፋሎት መኪና በቤንዚን ሞተርና በኤሌክትሪክ ሳይተካ እያደገ ቢሄድ ኖሮ ዓለም ምን ትመስል ነበር ብሎ ማሰብ ነው። በዚህ ሐሳብ በተሠራው ዓለም ውስጥ በሰማይ ላይ የሚንሳፈፉት የአየር መርከቦች ናቸው፤ ሒሳብ የሚያሰላው በናስ መንኮራኩር የተሞላ መኪና ነው፤ ክንዱን በጦርነት ያጣ ወታደርም በብረትና በእንፋሎት የሚንቀሳቀስ ክንድ ይገጠምለታል። ሁሉም ነገር ይታያል፤ ሁሉም ይጮኻል፤ ሁሉም ይጤሳል።

ነገሩ ከስሙ የቆየ ነው። ፈረንሳዊው ዡል ቬርን በ1870 ከባሕር በታች ስለሚጓዘው ኖቲለስ ስለተባለው መርከብ የጻፈው መጽሐፍ ለዚህ ወገን ሁሉ እንደ አባት ይቆጠራል፤ የሚያስደንቀው ግን ኖቲለስ የሚንቀሳቀሰው በእንፋሎት ሳይሆን በኤሌክትሪክ መሆኑ ነው። ይኸው ደራሲ በ1880 ባሳተመው በሌላው መጽሐፉ ደግሞ በእንፋሎት የሚሄድ የብረት ዝሆን በሕንድ አገር ሲጓዝ ያሳያል። ቬርን ግን የጻፈው ስለ ራሱ ዘመንና ገና ስለሚመጣው ነበር። የዛሬዎቹ የሚጽፉት ሳይሆን ስለቀረ ነገር ነው። ልዩነቱ ትልቅ ነው፤ የመጀመሪያው ተስፋ ነው፥ የሁለተኛው ናፍቆት ነው።

አሁን ልብ እንዲባልልኝ ወደምፈልገው ነገር ልምጣ። እነዚያ ሦስት ወዳጆች ስለ ጥንቱ ለንደን ሲጽፉ ዕውቀታቸውን ከየት አገኙት? ከቤተ መንግሥት ታሪክ ወይም ከመሳፍንት ማስታወሻ አልነበረም። ሄንሪ ሜይሂው የተባለ ጋዜጠኛ በ1851 ካሳተመው ስለ ለንደን ሠራተኞችና ድሆች ከሚናገረው ሰፊ መጽሐፍ ነው የቀዱት። ሜይሂው በለንደን መንገዶች እየዞረ ማንም ጠይቋቸው የማያውቁትን ሰዎች ጠየቀና ቃላቸውን እንደ ተናገሩት ጻፈ። በቴምዝ ወንዝ ጭቃ ውስጥ ቁራጭ ከሰልና የዛገ ሚስማር የሚፈልጉትን ሕፃናት፥ ለቆዳ ፋቂዎች የውሻ ኩስ የሚለቅሙትን አሮጊቶች፥ በከተማው የቆሻሻ ቦይ ውስጥ ለውስጥ እየሄዱ የወደቀ ሳንቲም የሚያስሱትን ሰዎች፥ ገና በስምንት ዓመቷ በመንገድ ላይ ቅጠል እየሸጠች የምታድረውን ልጅ ሁሉ አነጋገረ። የቲም ፓወርስ የ1983 መጽሐፍ በ1810 ለንደን የነበሩ የለማኞችን ማኅበር የሚያሳየን ያለ ምክንያት አይደለም።

የጄተርም የ1979 መጽሐፍ እንዲሁ ነው። ኤች. ጂ. ዌልስ በ1895 ባሳተመው ድርሰቱ ወደፊት የሰው ዘር ለሁለት እንደሚከፈል ተናግሮ ነበር፤ አንዱ ወገን በፀሐይ ብርሃን እየተጫወተ ይኖራል፥ ሌላው ወገን ሞርሎክ ተብሎ ከምድር በታች በጨለማ መኪና እያንቀሳቀሰ ይኖራል። ጄተር እነዚህን ሞርሎኮች በጊዜ መኪና አሳፍሮ ወደ ለንደን ከተማ ቦዮች አመጣቸው። ማይክል ሙርኮክ የሚባለው እንግሊዛዊ ደግሞ በ1971 ባወጣው መጽሐፍ አንድን የእንግሊዝ መኮንን ከ1902 አንሥቶ ወደ 1973 ያደርሰዋል። መኮንኑ የደረሰበት ዓለም ታላላቆቹ ጦርነቶች ያልተደረጉበት፥ ግዛቶቹ ያልፈረሱበት፥ ሰማዩ በአየር መርከብ የተሞላ ያማረ ዓለም ነው። በመጀመሪያ ደስ ይለዋል፤ በኋላ ግን ያ ሁሉ ሰላምና ውበት በቅኝ በተገዙ ሕዝቦች ጫንቃ ላይ የቆመ መሆኑን ይረዳል።

እንግዲህ ከዚህ የምንረዳው፥ ይህ የድርሰት ወገን ሲወለድ ዓይኑ ወደ ታች የሚያይ እንደነበረ ነው። ከመኪናው ማማር ጋር መኪናውን የሚያገለግለውን ሰው ያይ ነበር። ከ«ስቲም» ጋር «ፓንክ» የሚለው ቃል የተጣመረው ለቀልድ ቢሆንም ቀልዱ እውነት ነበረበት።

በ1990 ዊሊያም ጊብሰንና ብሩስ ስተርሊንግ አብረው የጻፉት መጽሐፍ ስቲምፓንክን በዓለም አሳወቀው። የመጽሐፉ መነሻ ቻርልስ ባቤጅ የተባለው እንግሊዛዊ የሒሳብ ሊቅ ነው። ባቤጅ በ1791 ተወለደ። በ1820ዎቹ ዓመታት የሒሳብ ሠንጠረዦችን ያለ ስሕተት የሚያወጣ ባለ መንኮራኩር መኪና ለመሥራት ተነሣ፤ መንግሥትም ከ17,000 ፓውንድ በላይ አወጣለት። ነገር ግን ከሠራተኛው ጋር ባለመስማማቱ፥ ወጪው በመብዛቱና እርሱም አዲስ ሐሳብ ባገኘ ቁጥር የቀድሞውን በመተዉ ሥራው ሳይፈጸም ቀረና በ1842 መንግሥት እጁን አነሣ። በኋላ ባወጣው ሐሳብ ላይ የግጥም ደራሲው የሎርድ ባይረን ልጅ ኤዳ ላቭሌስ በ1843 ማብራሪያ ጽፋ፥ እንዲህ ያለው መኪና ከቁጥር ሌላ ነገርም ሊሠራ እንደሚችል አመለከተች። ሁለቱ ደራሲዎች ታዲያ «ይህ መኪና በጊዜው ተፈጽሞ ቢሆንስ?» ብለው ጠየቁ።

ጥያቄው የሕልም ጥያቄ ብቻ አይደለም። ባቤጅ ከ1847 እስከ 1849 በወረቀት ላይ የነደፈውን ሁለተኛውን መኪና የለንደን የሳይንስ ሙዚየም በ1991፥ በተወለደ በ200ኛው ዓመት፥ አሰላጩን ክፍል ሠርቶ ፈጸመው፤ ማተሚያው ክፍል ደግሞ በ2002 ተጨመረ። በጠቅላላው ወደ 8,000 የሚሆን ቁራጭ ያለበት፥ 5 ቶን ያህል የሚመዝን ነው። እጀታውን ሲያዞሩት ያለ ስሕተት ያሰላል። ሰዓት አዳሽ ለሆነ ሰው ይህን መስማት እጅግ ልብ የሚነካ ነገር ነው። አንድ ሰው ከመቃብር በታች ሆኖ 120 ዓመት ያህል ከቆየ በኋላ «ልክ ነበርክ» ሲባል እንደ መስማት ያለ ነው።

ከዚህ ላይ ናፍቆቱን የማመሰግንበትን ምክንያት ልናገር። የዘመናችን ሰው በየኪሱ የሚይዘው ስልክ የባቤጅን መኪና እልፍ ጊዜ ይበልጣል፤ ነገር ግን ባለቤቱ በውስጡ ምን እንደሚሠራ አያውቅም። ሊያውቅም ቢፈልግ አይከፈትለትም፤ በሙጫ ተጣብቋል። ቢበላሽ ይጣላል እንጂ አይታደስም። የሰዓት ጀርባ ሲከፈት ግን ሁሉ ነገር በዓይን ይታያል። አንዱ መንኮራኩር ሌላውን ሲገፋ፥ ሚዛኑ እንደ ልብ ሲመታ፥ ቆሞ ከሆነም የቆመበት ምክንያት ይገኛል፤ ጥርሱ ተሰብሯል ወይም አቧራ ገብቶበታል። እኔ በሥራ ዘመኔ ብዙ ሕፃናት አባቶቻቸውን ተከትለው ወደ ሱቄ ሲመጡ አይቻለሁ፤ ሰዓቱ በተከፈተ ጊዜ ትንፋሻቸውን ውጠው የማያዩ አንድም አላጋጠመኝም። ሰው የሚጠቀምበትን ዕቃ ሥራ ማወቅ የሚፈልገው በተፈጥሮው ነው። ሲከለከል ይናፍቃል።

ስለዚህ በአሜሪካና በእንግሊዝ ያሉ የእጅ ጥበብ ወዳጆች የኮምፒዩተራቸውን ሣጥን በእንጨትና በናስ ለብጠው፥ የጽሕፈት መኪና ቁልፍ ገጥመው ቢሠሩት የልጅ ጨዋታ ብቻ አድርገን አንመልከተው። በኦክስፎርድ ያለው የሳይንስ ታሪክ ሙዚየም ከ2009 እስከ 2010 እንዲህ ያለውን ሥራ ሰብስቦ ለሕዝብ አሳይቷል። በኒው ዚላንድ ያለችው ኦዋማሩ የምትባለው ትንሽ ከተማ የቆየውን የድንጋይ ሕንፃዋን ይዛ የዚህ ጥበብ መናኸሪያ ሆናለች። እነዚህ ሰዎች «መኪናን አንጠላም፤ የምንጠላው የተዘጋውን፥ የማይታደሰውን፥ ሠሪው የማይታወቀውን ነው» ማለታቸው እንደሆነ አድርጌ እወስደዋለሁ። በዚህ ከእነርሱ ጋር ነኝ።

ዳሩ ግን ናፍቆት እንደ ወንፊት ነው፤ የወደደውን አስቀርቶ የቀረውን ያፈሳል። የዛሬው ስቲምፓንክ በአያሌው ያስቀረው ባርኔጣውን፥ መነጽሩንና የአየር መርከቡን ነው፤ ያፈሰሰውም ጢሱንና ጢሱን የተነፈሰውን ሰው ነው። ሁሉም ካፒቴን፥ ሁሉም ሊቅ፥ ሁሉም እመቤት ሆኖ ይለብሳል። የከሰል አካፋ የያዘ ግን በጥቂቱ ነው።

የእንፋሎት መኪና የተወለደው ከድንጋይ ከሰል ጉድጓድ ውስጥ ውኃ ለመቅዳት ነው፤ ቶማስ ኒውኮመን በ1712 ያቆመው መኪና ሥራው ይህ ነበር። ጄምስ ዋት በ1769 የፈጠራ መብት አውጥቶ እጅግ አሻሻለው። ከዚያም በኋላ ፋብሪካው፥ ባቡሩ፥ መርከቡ ተከተለ፤ በ1851 ለንደን ላይ በመስታወት ቤት በተደረገው ታላቅ ኤግዚቢሽን 6 ሚሊዮን ትኬት ተቆርጦ ሕዝቡ የመኪናን ክብር አየ። ነገር ግን መኪናው የሚበላው ከሰል ከየት መጣ? የእንግሊዝ መንግሥት ያቆመው መርማሪ ጉባኤ በ1842 ባወጣው መግለጫ፥ ገና በአምስትና በስድስት ዓመታቸው ከምድር በታች በጨለማ ተቀምጠው የአየር በር ሲከፍቱና ሲዘጉ የሚውሉ ሕፃናት እንዳሉ፥ ሴቶችም በወገባቸው ሰንሰለት ታጥቀው የከሰል ጋሪ እየጎተቱ በአራት እግር እንደሚድሁ ገለጸ። በዚያው ዓመት ሴቶችና ከ10 ዓመት በታች ያሉ ወንዶች ልጆች ከምድር በታች እንዳይሠሩ ሕግ ወጣ። ከዚያ በፊት ደግሞ ከ1811 ጀምሮ የእጅ ሥራቸውን የነጠቋቸውን መኪናዎች የሰበሩ ሸማኔዎች ነበሩ፤ በ1812 የወጣው ሕግ መኪና የሰበረ ሰው በሞት እንዲቀጣ አዘዘ። ከላይ የጠቀስኩት ሎርድ ባይረን በመሳፍንቱ ምክር ቤት ተነሥቶ ይህን ሕግ ተቃውሞ ነበር። ኋላ ልጁ የመኪናን አሳብ አስፍታ ስትጽፍ፥ አባቷ ደግሞ ለመኪና ሰባሪዎቹ መናገሩን ሳስብ፥ የዚያ ዘመን ሁለቱ ገጾች በአንድ ቤት ውስጥ የተገናኙ ይመስለኛል።

አንባቢዬ ይህ ሁሉ የባዕድ አገር ነገር ነው እንዳይለኝ ስለ ራሳችን አንድ ቃል ልጨምር። እኛ «ባቡር» የምንለው ቃል በጣሊያንኛ እንፋሎት ማለት ከሆነው «ቫፖሬ» ከሚለው ተነሥቶ በዐረብኛ በኩል የደረሰን ነው። ስለዚህ በገጠር እናቶቻችን እህል ይዘው ወደ ባቡር ቤት ሲሄዱ፥ ወፍጮው በናፍጣ ቢሠራም ስሙ የእንፋሎት ስም ነው። የዚያ ዘመን መኪና ወደ ምድራችን ጠረፍ የመጣውም በጦር ነበር። በ1868 ጀኔራል ናፒየር በዐፄ ቴዎድሮስ ላይ በዘመተ ጊዜ፥ ዛሬ በኤርትራ ጠረፍ ካለችው ከዙላ ወደ ውስጥ ለዕቃ ማጓጓዣ የባቡር ሐዲድ አዘረጋ፤ 44 ዝሆኖችም ከሕንድ አስመጣ። ቬርን ከዚህ በኋላ በ12 ዓመት የእንፋሎት ዝሆን በወረቀት ላይ ፈጠረ፤ እኛ ግን ዝሆኑንም እንፋሎቱንም አስቀድመን በእውን አይተነዋል፤ ሲመለሱም የመቅደላን መጻሕፍት ጭነው ሄዱ። ዐፄ ቴዎድሮስም ቢሆኑ መኪናን የሚጠሉ አልነበሩም፤ በጋፋት የአውሮፓ ባለ እጆችን ሰብስበው ሴባስቶፖልን ያሠሩ፥ ጥበቡን አጥብቀው የተመኙ ንጉሥ ነበሩ። የእንፋሎቱ ዘመን ለአንዱ ውበት፥ ለአንዱ ምኞት፥ ለአንዱ ደግሞ ዱላ እንደነበረ ከዚህ የበለጠ ምስክር አያሻም።

የአባቴ ወንድም በወጣትነቱ በእንፋሎት ባቡር ላይ እሳት አንዳጅ ነበረ። እኔ ባወቅሁት ጊዜ ሥራውን ትቶ አርጅቷል። ሁለቱም ክንዶቹ ከክርኑ በታች በቃጠሎ ጠባሳ የተሞሉ ነበሩ፤ ሌሊት ሲያስለው ቤቱ በሙሉ ይነቃል። ነገር ግን ስለ ባቡሩ ሲያወራ ፊቱ ይበራ ነበር። ውኃው ሲጎድልና ሲሞላ በድምፁ እንደሚያውቀው፥ ዳገት ሲመጣ እሳቱን አስቀድሞ እንዴት እንደሚያዘጋጅ፥ ሌሊት በረሃ ላይ የምድጃው በር ሲከፈት አሸዋው እንዴት እንደሚቀላ ይነግረን ነበር። አንድ ቀን እኔ በልጅነት አነጋገር «እኔም ባደግሁ ጊዜ እሳት አንዳጅ እሆናለሁ» አልኩት። ክንዱን ወደ እኔ ዘርግቶ ጠባሳውን አስዳሰሰኝና «መኪናውን ውደደው፤ ይህንንም አትርሳ» አለኝ። ከዚህ የተሻለ ስለ እንፋሎት ዘመን የተነገረ ቃል እስከ ዛሬ ድረስ በመጽሐፍ አላገኘሁም። መውደድና ማወቅ በአንድ ሰው አፍ አብረው ሊኖሩ እንደሚችሉ ከእርሱ ተምሬአለሁ።

ለእኅቴም ልጅ ይህንኑ ጻፍኩለት። «ልብሱ ያምርብሃል፤ ነገር ግን መርከቡን በሰማይ ላይ ስታበርር፥ ከታች ከሰል የሚጨምረው ማን እንደሆነ በሐሳብህ ውረድና እየው» አልኩት። ልጁም በቁጣ ሳይሆን በማስረጃ መለሰልኝ። «ጋሼ፥ እርስዎ ያሉትን የሚሉ በመካከላችን አሉ» ብሎ ሁለት መጻሕፍትን አስታወቀኝ። አንደኛው ኒሲ ሾል የምትባል ጥቁር አሜሪካዊት ደራሲ በ2016 ያሳተመችው ነው፤ የቤልጂጉ ንጉሥ ሊዮፖልድ ጎማ ለማግኘት ሕዝቡን ባስጨረሰበት በኮንጎ ምድር፥ ከዚያ መከራ ያመለጡ ሰዎች የእንፋሎትን ጥበብ ይዘው የራሳቸውን አገር ቢያቆሙ ኖሮ ብላ የጻፈችው። ሁለተኛው ፒ. ጄሊ ክላርክ የተባለው ደራሲ በ2021 ያወጣው ሲሆን፥ የ1912 ካይሮን የእንግሊዝ ተገዥ ሳትሆን ራሷን የቻለች ታላቅ ከተማ አድርጎ ያሳያል። ይህን ባነበብኩ ጊዜ ደስ አለኝ። ናፍቆት ዓይን ሊኖረው እንደሚችል አየሁ፤ ያለፈውን ለማስመሰል ሳይሆን ያለፈውን ለመጠየቅም ሊያገለግል ይችላልና።

እንግዲህ ከዚህ ሁሉ ምን ትምህርት እናገኛለን? በእኔ አስተያየት ያለፈውን ዘመን ለሚወድ ሰው ሦስት ነገሮች ያስፈልጉታል።

አንደኛ፥ የሚወደው ነገር ማን ከፍሎበት እንደተገኘ መጠየቅ ነው። የጥንቱን ቤት ሲያደንቅ ድንጋዩን ማን ተሸከመ፥ የጥንቱን ግብዣ ሲያደንቅ እህሉን ማን ፈጨ ይበል። ይህ ጥያቄ ፍቅሩን አይገድለውም፤ ያጠራዋል እንጂ።

ሁለተኛ፥ ከጥንቱ ዘመን ልብሱን ሳይሆን ምግባሩን መውሰድ ነው። የዚያ ዘመን ባለ እጅ መልካምነቱ ባርኔጣው አልነበረም። ሥራው እንዲቆይ አድርጎ መሥራቱ፥ ሲበላሽ ሊታደስ እንዲችል ማድረጉ፥ ስሙንም በሥራው ላይ ለመጻፍ አለማፈሩ ነው። ይህን ምግባር የያዘ ሰው ናስ ሳያንጠለጥል የዛሬውን ዕቃ በዚያ ትጋት ሊሠራ ይችላል፤ ምግባሩን ያልያዘ ግን መንኮራኩር በደረቱ ቢደረድርም የማይዞር መንኮራኩር ነው። አንድ ሰዓት አዳሽ የማይዞር መንኮራኩር ሲያይ ምን እንደሚሰማው እኔ አውቃለሁ።

ሦስተኛ፥ ባለፈው ያወቀውን በዛሬው ላይ ማዋል ነው። በ1842 የተነገረውን የሕፃናት መከራ አንብቦ ማልቀስ ቀላል ነው፤ ያ ጉድጓድ ተዘግቷልና። ነገር ግን ለስልካችን ባትሪ የሚሆነውን ኮባልት በኮንጎ በእጃቸው ከሚቆፍሩት መካከል ሕፃናት እንዳሉበት በዘመናችን ተመስክሯል። ዌልስ ከምድር በታች ያኖራቸው ሰዎች ገና አልወጡም። የጥንቱን ከሰል ጫኝ አይቶ የዛሬውን ቆፋሪ የማያይ ሰው ናፍቆቱ ለዓይኑ መጋረጃ ሆኖበታል ማለት ነው።

ይህ ምክር ለእንግሊዝና ለአሜሪካ ወጣቶች ብቻ አይደለም። እኛም «ድሮ ቀረ» ማለት የምንወድ ሕዝብ ነን። ስለ ደጉ ዘመን፥ ስለ ሞላው ጎተራ፥ ስለ ሰፊው አዳራሽ፥ ስለ ጠጁና ስለ ጮማው ስናወራ ምሽቱ ያልፋል። የምናወራው ሐሰት አይደለም፤ ነበረ። ነገር ግን ከሌሊቱ ዘጠኝ ሰዓት ተነሥታ በድንጋይ ወፍጮ ላይ የተጎነበሰችውም ሴት ነበረች፤ ውኃ በእንስራ ተሸክማ ዳገት የወጣችውም ነበረች፤ እርሷን ግን በወሬያችን ውስጥ ማንም አይጠራትም። ያለፈውን ዘመን በሐሳብህ ለመጎብኘት የምትሄድ አንባቢዬ ሆይ፥ ከእልፍኙ ብቻ ደርሰህ አትመለስ። ወደ ማድቤቱም ግባ፤ በዚያ ያለውን ሰው ስሙን ጠይቀው፤ ከዚያ በኋላ ዘመኑን ብትወደው ፍቅርህ የእውነት ነው።